ጋሼ ሬንዞና የእማማ ጥሩነሽ ፊት

ባለፈው ሐሙስ እማዬን ከሥራ ልወስዳት ዲኤፍደብሊው አውሮፕላን ማረፊያ ሄጄ ነበር። የዳላስ ሐምሌ መኪና ውስጥ ቁጭ ብሎ ሰው መጠበቅን የሚፈቅድ ሐምሌ አይደለም። ሶ፣ ፓርክ አደረግኩና ሻንጣ መቀበያው አጠገብ ካለችው ትንሽ ምግብ ቤት ገብቼ በረዶ የበዛበት የሎሚ ጭማቂ አዘዝኩ። ግድግዳው ላይ የተሰቀለው ቴሌቪዥን ድምፁ ተዘግቶ አንድ የድሮ የካውቦይ ፊልም ያሳያል። አቧራ፣ ላብ፣ ጠበብ ያለ ዓይን፣ ከባርኔጣ በስተጀርባ የምትንቦገቦግ ፀሐይ።

አጠገቤ የተቀመጡ፣ እሳቸውም ትልቅ ባርኔጣ ያደረጉ አሜሪካዊ ሽማግሌ፣ ለልጅ ልጃቸው ያስረዱታል። "ይሄ ምዕራብ ቴክሳስ ነው። እኔ የተወለድኩበት አካባቢ።"

"ይቅርታ ጌታዬ፣ እሱ እንኳ እስፔን ነው" አልኳቸው።

ከላይ እስከ ታች አዩኝ። "አንቺ ደግሞ እንዴት አወቅሽ?"

"ያነሱትን ሰውዬ አውቃቸዋለሁ። ማለቴ፣ ይሄኛውን ያንሱት አያንሱት እርግጠኛ አይደለሁም፤ ይሄን የመሰለውን ግን አንስተዋል። ጋርላንድ ጎረቤታችን ነበሩ።"

ሽማግሌው ሳቁ። ያላመኑኝ መሆኑ ያስታውቃል፤ እኔም አልተከራከርኩም።

መኪና ውስጥ ለእማዬ ስነግራት "አሁን ደግሞ ሰውን በገዛ አገሩ ማረም ጀመርሽ?" ብላ እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች። ሃይዌዩ ላይ ከወጣን በኋላ ጫማዋን አወለቀች፣ እግሯን ዘረጋች፣ ከዚያ ቀስ ብላ "እማማ ጥሩነሽን ያነሳሽበት ቀን ትዝ ይልሻል?" አለችኝ።

ይሄ ይጠየቃል? ያን ጊዜ አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር፤ አሁን አሥራ ስምንት ሞልቶኛል። ትዝታ ለመጻፍ ፀጉር መሸበት አለበት የሚል ሰው ካለ መብቱ ነው። እኔ ግን ትዝታው አለኝ፤ አማርኛውም፣ የሰንበት ትምህርት ቤት አስተማሪዬን እግዜር ይስጣትና፣ በቅርቡ እንደ ልቤ ሊታዘዘኝ ጀምሯል። ሶ፣ እጽፋለሁ።

ዳላስ ጥግ ያለችው ጋርላንድ ከተማ ውስጥ አፓርትመንታችን ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነው። ከእኛ በታች ጎረቤት ከተማ ሪቻርድሰን ያለው ዩኒቨርሲቲ የምታስተምር አንዲት ጣሊያናዊት ትኖር ነበር፤ አንድ ቀን አባቷን ከሮም አመጣችና አብረዋት መኖር ጀመሩ። ቀጭን፣ ረጅም፣ በዚያ ሙቀት ሹራብ የሚለብሱ ሽማግሌ ናቸው። ሁልጊዜ ከሰዓት በኋላ የሚታጠፍ ወንበር ይዘው ይወጡና ፓርኪንጉ ዳር ተቀምጠው የልብስ ማጠቢያ ክፍሉን ግድግዳ ያያሉ። ግድግዳውን ነው የምላችሁ። ምንም የሌለበት የጡብ ግድግዳ። የግቢው ልጆች አእምሯቸውን የነካቸው ነው ይሉ ነበር።

አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስመለስ አላስቻለኝም። ቀጥ ብዬ ሄጄ "ምንድነው የሚያዩት?" አልኳቸው።

ዞር ሳይሉ "ቁሚና ጠብቂ" አሉኝ።

ቆምኩ። አንድ መኪና ወደ ግቢው ሲገባ በመስተዋቱ ላይ ያረፈችው ፀሐይ ግድግዳው ላይ ተወረወረች። ረጅም፣ ብርማ ነገር ከጡቡ ጫፍ ተነስታ እስከ ቧንቧው ዋኘችና ጠፋች።

"ዓሣ" አልኩ።

አሁን ዞር ብለው አዩኝ። "ስምሽ ማነው?"

"ሕሊና።"

"ሊና" አሉ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ለእሳቸው ሊና ሆንኩ፤ እሳቸውም ለእኔ ጋሼ ሬንዞ ሆኑ። የምናወራው በእንግሊዝኛ ነው። እንግሊዝኛ ትልቅንም ትንሽንም በአንድ ቃል ነው የሚጠራው፤ እኔ ግን በልቤ ሁሌም አንቱ ስላቸው ነው የኖርኩት፤ እዚህም እንደዚያው ነው የምጽፋቸው።

እማዬ ስትሰማ የመጀመሪያ ጥያቄዋ "በልተዋል?" የሚል ነበር። ወዲያው በበርበሬና በሥጋ የተቁላላ ፓስታዋን በሳህን ሞልታ ላከችላቸው። ጋሼ ሬንዞ አንድ ጉርሻ ጎረሱ፤ አፍንጫቸውን በመሐረብ ጠረጉ፤ ሌላ ጎረሱ። "ይሄ ፓስታ አይደለም" አሉኝ። "ለእናትሽ ፓስታ አይደለም ብለሽ ንገሪያት። ደግሞ ነገም ይኖር እንደሆነ ጠይቂያት።"

በዚያ ፓስታ ላይ ነው ታሪካቸውን የሰማሁት። ጋሼ ሬንዞ ሲኒማቶግራፈር ነበሩ። ይሄ ማለት ፊልም ሲሠራ ብርሃኑ ከየት ይምጣ፣ ካሜራው ምን ይይ ብሎ የሚወስነው ሰው ማለት ነው። በጎረምሳነታቸው የካሜራ ሣጥን ተሸካሚ ሆነው ገቡና እጃቸው መንቀጥቀጥ እስኪጀምር ድረስ ሠሩ። የሠሩትን ሲዘረዝሩ ግን አንድ ሰው ሳይሆን አንድ ሰፈር የሠራው ይመስላል። የካውቦይ ፊልም። የሚያስፈራ ፊልም። የሚያስቅ ፊልም። ባሕር ዳር እየተሳሙ የሚለያዩ ፍቅረኞች። ከዓሣ አጥማጆች ጋር ጀልባ ላይ ከርመው ያለ አንድ አምፖል ያነሱት ዘጋቢ ፊልም። የሳሙና ማስታወቂያ፣ የታሸገ ቲማቲም ማስታወቂያ።

"ቲማቲም ከተዋናይ ይሻላል" ይሉ ነበር። "ሞቀኝ አይልም። የግራ ጎኔ ነው የሚያምረው አይልም።"

ቴክሳስን ለብዙ ዓመት እስፔን ውስጥ ነበር ያነሷት። የቴክሳስ አቧራ ከጆንያ ይበተን ነበር፤ የቴክሳስ ከተማ ከፊት ለፊት ብቻ ቤት፣ ከኋላ ጣውላ ነው። በስተርጅና እውነተኛዋን ቴክሳስ ሲያዩ ልጃቸው "እንዴት ነች?" ብላ ጠየቀቻቸው። "ጥሩ ነች" አሉ፣ "ግን የእኛዋ የበለጠ ቴክሳስ ትመስል ነበር።"

ሽልማት አላገኙም። አንድ ጋዜጣ ይሄ ሰው የራሱ እጅ የለውም፣ የጠራው ዳይሬክተር እጅ ነው ብሎ ጽፎባቸው እንደነበር ሲነግሩኝ፣ ሁለቱን እጆቻቸውን ዘርግተው አሳዩኝ። እንደ ቅጠል ይንቀጠቀጣሉ። "ይሄው!" አሉ እየሳቁ። "ሁለት አሉኝ። ዛሬ ግን እነሱም አይታዘዙኝም።"

አሁን ስለ እማዬ። እማዬ ከሰኞ እስከ ዓርብ አውሮፕላን ማረፊያው ውስጥ ባለ ሱቅ ትሠራለች፤ ቅዳሜና እሁድ ደግሞ የሐበሻ ሰርግ ቪዲዮ ታነሳለች። አዲስ አበባም ሥራዋ ይሄው ነበር። ዳላስ ውስጥ ዝነኛ ናት፤ ዝነኛ ያደረጋት ካሜራዋ ላይ የምትገጥመው መብራት ነው። ያ መብራት ሲበራ ሙሽራዋ ብቻ ሳትሆን ሙሽራዋ የጎረሰችው ክትፎም ይታያል። "አልማዝ ፀሐይ" ነው የሚሏት። ወደ አንድ ጠረጴዛ ስትጠጋ እንግዶች "ፀሐይ ወጣች!" ይላሉ፣ አፋቸውን ይጠርጋሉ፣ ይስተካከላሉ።

ይሄን መብራት ዝም ብላ አልወደደችውም። የእኛ ሰርግ ቪዲዮ ዋናው ነገር ሰዉ ነው። ከጠረጴዛ ጠረጴዛ ተዙሮ እያንዳንዱ እንግዳ መነሳት አለበት። ቤተሰቡ ቪዲዮውን የሚያየው ሙሽሮቹን ለማየት አይደለም፤ ማን መጣ፣ ማን ወፈረ፣ ማን ከማን ጋር ተቀመጠ የሚለውን ለማየት ነው። አንድ ሰው ትንሽ ከጨለመ ደግሞ ስልክ ይደወላል። "አልሚዬ፣ ምነው ልጄን አጠቆርሽብኝ?"

በዚያ ዓመት ፋሲካ አልፎ የሰርጉ ወቅት ሲጀምር ሜሮን ቤታችን መጣች። ሜሮን ሪቻርድሰን አንድ የስልክ ኩባንያ ውስጥ የምትሠራ፣ በቤተ ክርስቲያን የምናውቃት፣ በጣም ፈጣን ሴት ናት። ስለ ኬክ አላወራችም፣ ስለ መኪና አላወራችም።

"እትዬ አልማዝ" አለች፣ "እኔ የምፈልገው አንድ ነገር ነው። የአያቴን ፊት።"

እማማ ጥሩነሽን ሁላችንም እናውቃቸዋለን። የዓይን ሞራቸው ከተገፈፈ ወዲህ ኃይለኛ ብርሃን ይወጋቸዋል። የእማዬ መብራት ሲመጣ ነጠላቸውን ግንባራቸው ላይ ጎትተው እስከ አገጫቸው ይሸፈናሉ። በሜሮን ታላቅ እህት ሰርግ ቪዲዮ ላይ እማማ ጥሩነሽ ነጠላ ናቸው። በወንድሟ ምርቃት ነጠላ ናቸው። በልጆች ክርስትና ሁሉ አንድ ጥግ ላይ የተቀመጠ፣ የሚያጨበጭብ ነጠላ አለ።

"ስልክ ሳወጣ ራሱ ይሸፈናሉ" አለች ሜሮን። "ልጆች ስወልድ ምን ላሳያቸው? ሐምሳ ዓመት ሙሉ ሰው ያሳደጉ ሴትዮ፣ ከፓስፖርት ፎቶ በቀር አንድ ፊታቸው የታየበት ነገር የለንም እኮ።"

እማዬ "መብራቱን ቀነስ አደርጋለሁ" አለች። ሜሮን ደግሞ "ባለፈውም ቀንሰሽ ነበር" አለቻት፣ በጣም በትሕትና።

ሜሮን ስትሄድ እማዬ ሶፋው ላይ ተቀመጠች። መብራቱን ብታጠፋ አዳራሹ ጨለማ ነው፤ ብታበራ እማማ ይሸፈናሉ። እኔ ግን ተነስቼ ደረጃውን እየሮጥኩ ወርጄ ነበር።

"ጣሊያኑ?" አለችኝ እማዬ ስመለስ። "ጣሊያኑ ስለ ሐበሻ ሰርግ ምን ያውቃል?"

"ሁሉንም ሠርተዋል እኮ እማዬ።"

"ሰርግስ?"

ወርጄ ጠየቅኳቸው፤ ወጥቼ ነገርኳት። "ብዙ ሰርግ አንስቻለሁ ብለዋል። ግን ሙሽሮቹ ከቀረጻው በኋላ ወደየቤታቸው ይሄዱ ነበር ብለዋል።"

እማዬ ሳትወድ በግድ ሳቀች። "ይምጡ በቃ። ደግሞ ሹራባቸውን ያውልቁ።"

መልሱ እሁድ ከሰዓት በኋላ ጋርላንድ ውስጥ ባለ አዳራሽ ነበር። መልስ ማለት ለማታውቁ፣ ከሰርጉ ማግስት የሙሽራዋ ቤተሰብ ሙሽሮቹን ጠርቶ የሚደግሰው ድግስ ነው፤ ሙሽሮቹ ካባ ይለብሳሉ፣ የትልልቆችን ጉልበት ይስማሉ፣ ይመረቃሉ። ጠዋት ዘንቦ ነበር። የሚያዝያ ዝናብ ካባራ በኋላ የዳላስ ሰማይ የታጠበ ብርጭቆ ይመስላል፤ አስፋልቱ ይጨሳል፣ ሣሩ ይሸታል። አዳራሹ ውስጥ ግን ይሄ ሁሉ የለም። ወይን ጠጅ ቀለም ያለው የዲኮር መብራት፣ ጥቁር መጋረጃ፣ የዶሮ ወጥ ሽታ፣ ሙዚቃ።

ጋሼ ሬንዞ ሹራባቸውን አላወለቁም። ግድግዳውን እየዳበሱ ሄዱ፣ ጥቁሩን መጋረጃ በሁለት ጣት ገለጡና ቆሙ። ከኋላው ከወለል እስከ ጣሪያ የሚደርስ መስኮት ነበር፤ ወደ ምዕራብ የሚያይ።

"ሊና" አሉኝ፣ "እዚህ አዳራሽ ውስጥ ሰዎች ፀሐይን ደብቀዋታል።"

አንድ ወንበር አምጥተው መስኮቱ አጠገብ አስቀመጡ፤ ከግድግዳው ራቅ፣ ወደ ጎን ዞር አደረጉት። እኔ የእማዬን ሁለተኛ ካሜራ ባለ ሦስት እግሩ ትራይፖድ ላይ አቆምኩ። ሁሉ ነገር ያማረ መሰለኝ። ሜሮን እማማ ጥሩነሽን እጃቸውን ይዛ አመጣቻቸው። እማማ ወንበሩን አዩ። ብቻውን የቆመውን ወንበር። ካሜራውን አዩ። ጋሼ ሬንዞን አዩ።

"ምንድነው ይሄ?"

"ትንሽ ቁጭ ይበሉልኝ እማማ፣ አንድ ጊዜ ብቻ ይነሱ" አለች ሜሮን።

"ብቻዬን?"

"አዎ፣ ብቻዎን፤ እንዲያምር።"

"ብቻዬን ተቀምጬ፣ በጎን ዞሬ፣ በመስኮት?" ድምፃቸው ከፍ አለ። "ለለቅሶዬ ነው? ድንኳን ውስጥ የምትይዙትን ፎቶ ነው በሰርግሽ የምታስነሺኝ? እኔ እኮ አልሞትኩም!" ነጠላቸውን እስከ አፍንጫቸው ጎተቱ። "ደግሞ በጣሊያን! ያኔ የተወን ምን ቀርቶበት መጣ?"

የቤተ ክርስቲያናችን ሴቶች፣ እነ እትዬ አስቴር፣ የተቀመጡበት ጠረጴዛ ላይ ሳቅ ፈነዳ። እማማ ግን አልሳቁም፤ አዳራሹን አቋርጠው ከበሩ አጠገብ፣ በጣም ጨለማው ጥግ ሄደው ተቀመጡ።

ሜሮን ዓይኗ ቀላ። "በቃ ተዉት" አለች። እማዬ "እኔ መብራቴን አበራለሁ፣ ቢያንስ ሌላው ሰው ይነሳ" ብላ ወደ ጠረጴዛዎቹ ሄደች። ፀሐይ ወጣች።

ጋሼ ሬንዞን በዚያ ብቸኛ ወንበር ላይ ራሳቸው ቁጭ ብለው አገኘኋቸው። ምን እንደተባለ ተረጎምኩላቸው፤ የለቅሶውን ነገር ሲሰሙ እጃቸውን ግንባራቸው ላይ አደረጉ። እኔ ምግብ አቀረብኩላቸው። ዶሮ ወጥ፣ አይብ፣ እንቁላሉን ከነመረቁ። ሲበሉ ቀስ በቀስ ፊታቸው ተመለሰ፤ የሚበላ ሰው ብዙ ጊዜ ተስፋ አይቆርጥም።

"እኔ እንደ ፍቅር ፊልም አስቤው ነበር" አሉ። "በፍቅር ፊልም ተዋናይዋን መስኮት አጠገብ ታስቀምጫለሽ፤ እሷ ታለቅሳለች፤ አለቀ። ይቺ ሴትዮ ግን የፍቅር ፊልም አይደለችም።" ጣታቸውን ላሱ። "አንድ ኮሜዲያን ነበረን። ወፍራም። እዚህ ቁም ስትይው እዚያ ይቆማል። ወለሉ ላይ በጠመኔ ምልክት አድርጊለት፣ ይረግጠዋል፣ ያልፈዋል። ዳይሬክተሩ አለቀሰ። እኔ ሰውየውን ማዘዝ ተውኩ። በራሱ የት ይሄዳል ብዬ አየሁት። ሁልጊዜ ወደ ምግቡ ነበር የሚሄደው። ሶ፣ ምግቡን መብራቱ ውስጥ አስቀመጥኩለት።"

ወደ እኔ ዞሩና፣ "ሊና፣ ይቺ ሴትዮ ማንም ሳያዛት የት ትሄዳለች?" አሉኝ።

እኔ መልሱን ከማሰቤ በፊት አፌ አለው። "ትመርቃለች! ማለቴ፣ ይመርቃሉ። እዚህ ካሉት ሁሉ ትልቋ እሳቸው ናቸው። ሙሽሮቹ ጉልበታቸውን ይስማሉ፣ እሳቸው ቆመው ይመርቃሉ። ሙሽሮቹ ወዳሉበት ነው የሚሄዱት።"

"ሲመርቁ ምን ያደርጋሉ?"

አሳየኋቸው። ሁለት እጆቼን ከፍ አድርጌ፣ መዳፌን ወደ ላይ ከፈትኩ።

ጋሼ ሬንዞ እጆቼን አዩ። ከዚያ ሳህኑን ወለል ላይ አስቀመጡት። "ሁለት እጅ" አሉ። "ሁለቱም እጅ ሥራ ላይ ነው። መሸፈኛውን ማን ይይዘዋል?"

የሮጥኩት ወደ እማዬ ነው። "በሌሎቹ ሰርጎች ሲመርቁ እንዴት ነበር?"

"'ያቺን ፀሐይ ካላጠፋሽ አልመርቅም' ይሉኛል፤ አጠፋለሁ፤ ምርቃቱ በጨለማ ይሰማል፤ ፊት የለም" አለች። "እያንዳንዱ ቪዲዮ ላይ እንደ ሬዲዮ ነው።"

"እንግዲያው ሙሽሮቹን መስኮቱ ጋ እናንበርክካቸው። መጋረጃውን እንክፈተው። አንቺ መብራቱን አታብሪው፤ ከመጀመሪያውም።"

እማዬ እንዲህ ስታየኝ አይቻት አላውቅም። የምርቃቱ ሰዓት የመልሱ ትልቁ ሰዓት ነው፤ እሱ ከጨለመ ቪዲዮው ሁሉ ጨለመ። "ሕሊና፣ ይሄ ሳይወጣ ቢቀር የሜሮን እናት በሕይወቷ አትረሳልኝም።"

"ይወጣል።"

"እርግጠኛ ነሽ?"

እርግጠኛ ነበርኩ። ለምን እንደሆነ እስከ ዛሬ አላውቅም፤ ግን ነበርኩ። እማዬ መብራቷን ከካሜራው ላይ ፈታች፣ ብብቷ ሥር አደረገችው፣ ካሜራውን ደግሞ ለእኔ ሰጠችኝ። ዋናውን ካሜራ።

መጋረጃውን ስንከፍት ፀሐይዋ እንደ ጦር ገባች፤ ሰዎች "ውይ!" ብለው ዓይናቸውን ያዙ። ይሄማ ከእማዬ መብራትም የባሰ ነው። ጋሼ ሬንዞ እንግዶቹን ዞር ብለው አዩ። የሐበሻ ቀሚስ የለበሱት ሴቶች ሁሉ ትከሻ ላይ ነጭ፣ ስስ፣ በእጅ የተሸመነ ነገር አለ።

"በሮም ብርሃን ለማለዘብ ሐር እንከራይ ነበር" አሉኝ በሹክሹክታ። "ሊና፣ እነዚህ ሴቶች የፊልም ስቱዲዮ ለብሰው ነው የመጡት!"

"ነጠላ ስጡን!" ብዬ ጮህኩ።

"ነጠላዬን? ለመጋረጃ?" አሉ እትዬ አስቴር። "ልጅቷ አበደች?" እያሉም ግን ያወልቁ ነበር። ሁለት ጠንካራ ጎረምሶች ወንበር ላይ ቆመው የነጠላዎቹን ጫፍ ይዘው መስኮቱ ፊት ዘረጓቸው፤ ቀሪዎቹን ሴቶቹ ራሳቸው ከታች ያዙ። ያቺ ጦር የነበረችው ፀሐይ ነጠላዎቹ ውስጥ አልፋ ስትመጣ ወተት ሆነች። እውነቴን ነው፣ ሙዚቃውም ቆመ።

ሜሮንና ሙሽራው በካባቸው መጥተው ተንበረከኩ። ከጨለማው ጥግ እማማ ጥሩነሽ ተነሱ። ነጠላቸው አገጫቸው ላይ ነው። ማንም አልጠራቸውም፤ ማንም ይምጡ አላላቸውም። በመቋሚያቸው ቀስ እያሉ መጡ፤ ሙሽሮቹ ጉልበታቸውን ሳሙ፤ ሜሮን ቀና ብላ አየቻቸው። እማማ መብራቱን ፈለጉ፣ ዓይናቸው ዞረ። መብራት የለም። ካሜራውን ደረቴ ላይ ይዤ፣ በሜሮን ወንድም ልጆች መሀል ተቀምጬ ነበር፤ ጋሼ ሬንዞ ከኋላዬ ናቸው።

"አትቅረቢ" አሉኝ በጆሮዬ። "ተንፍሺ። እሷ ትመጣለች።"

እማማ መቋሚያቸውን ለአንድ ልጅ ሰጡ። ሁለት እጃቸውን አነሱ፤ መዳፋቸው ተከፈተ፤ ነጠላው በራሱ ከግንባራቸው ወደ ኋላ ተንሸራተተና ትከሻቸው ላይ ወደቀ።

"በዚህ በሚያስፈራ ሃይዌይ ስትነዱ፣ መላእክት ከፊትም ከኋላም ይንዱላችሁ!"

"አሜን!"

"ስልካችሁን አስቀምጣችሁ ፊት ለፊት የምትተያዩ ያድርጋችሁ!"

"አሜን!" ሰዉ ሳቀ፤ እሳቸውም ሳቁ፤ ሲስቁ በግራ ጉንጫቸው ላይ ልክ የሜሮንን የመሰለች ስርጉድ ብቅ አለች።

"ልጆቻችሁ አማርኛ ሰምተው፣ በአማርኛ የሚመልሱ ይሁኑ!"

"አሜን! አሜን!" ይሄኛውን አሜን ያሉት ወላጆች ናቸው፤ ጣሪያው ተንቀጠቀጠ።

ያንን ፊት በየእሁዱ አየው ነበር። እንዲህ ግን አላየሁትም። ግንባራቸው ላይ የደበዘዘው የመስቀል ንቅሳት፣ ከዓይናቸው ጥግ እንደ ወንዝ የሚከፋፈለው መስመር፣ ከንፈራቸው ላይ ያለው የልጅ ተንኮል። ፊታቸው ከታች በኩል ትንሽ ጠቆር ያለ ነበር፤ ወዲያው ግን ያ ጥላ ሳሳ፣ አገጫቸው በራ። ዓይኔን ወደ ታች ብጥል እማዬ ወለሉ ላይ ተንበርክካለች። መብራቷን የሆነ ቦታ ጥላዋለች፤ የገዛ ነጠላዋን በሁለት እጇ ወጥራ ይዛ ብርሃኑን ወደ እማማ ፊት ትመልሳለች። ማንም አላሳያትም። ጋሼ ሬንዞም አይተዋት "ብራቫ" ሲሉ ሰማሁ፤ ይቺን እንኳ እማዬ ራሷ ያለ አስተርጓሚ ገባት።

ቪዲዮው ተሠርቶ ሲያልቅ ሁላችንም የሜሮን እናት ቤት ተጠራን። ጋሼ ሬንዞም መጡ። ጠረጴዛዎቹ አለፉ፣ ሰዉ ማን ወፈረ ማን ከሳ አለ፣ ተሳሳቀ። ከዚያ ምርቃቱ ደረሰ። በትልቁ ቴሌቪዥን ላይ የእማማ ጥሩነሽ ነጠላ ወደቀ።

ሜሮን አፏን በእጇ ያዘች። እኔ ያየሁት ግን እማማን ነው። ሶፋው ላይ ወደፊት አዘነበሉ፤ አንገታቸውን አወጡ።

"ይቺ… እናቴ ናት እኮ" አሉ።

ወደ እኛ ዞሩ።

"እናቴ ፎቶ የላትም። መልኳ ከጠፋብኝ ስንት ዘመን ሆነኝ። በህልሜ ስትመጣ ራሱ ፊቷን አላየውም ነበር።" እጃቸውን ወደ ቴሌቪዥኑ ዘረጉ። "ይሄው አይደለች እንዴ። ስትስቅ እንዲህ ነበረች።"

ለጋሼ ሬንዞ ተረጎምኩላቸው። "ብዙ ሰው ፊልሞቼን አይቷል" አሉ። "የሚያውቀውን ሰው ያየበት ግን የለም። ይሄ የመጀመሪያዬ ነው።"

እማማ "ምን አለ?" አሉ። ነገርኳቸው። "ና፣ አንተም ተመረቅ" ብለው እጃቸውን አነሱ። ጋሼ ሬንዞ ሙሽሮቹን አይተው ስለነበር ጉልበታቸውን ሊስሙ ጎንበስ ማለት ሲጀምሩ፣ እማማ ትከሻቸውን ይዘው አስቆሟቸው። "ተነስ አንተ! እኩያዬ እኮ ነህ! ወገብህን ሰብረህ እኔ ልጡርህ ነው?" ያን ዕለት የተሳቀው ሳቅ የአፓርትመንቱን ሰው ሁሉ በር አስከፍቷል።

ባለፈው ዓመት የጋሼ ሬንዞ ልጅ ሰሜን ውስጥ ሌላ ሥራ አገኘችና ይዛቸው ሄደች። በስልክ እንገናኛለን፤ እዚያ በረዶ ስላለ ብርሃን ከታች ነው የሚመጣው፣ አዲስ ነገር እየተማርኩ ነው ብለውኛል፣ በዚያ ዕድሜያቸው።

እኔ በመስከረም ሪቻርድሰን ያለው ዩኒቨርሲቲ ፊልም ልማር እገባለሁ። ዘመዶች ሁሉ "ምን ዓይነት ፊልም ነው የምትሠሪው?" ይሉኛል፤ አንድ ብቻ እንድነግራቸው ይፈልጋሉ። "ሁሉንም" ስላቸው ገና ያልወሰንኩ ይመስላቸዋል። ወስኛለሁ። ሁሉንም መሥራት የሚችል ሰው አንዱንም ሲሠራ ባዶ እጁን አይገባም፤ አንድ ቀን አንዲት አሮጊት እምቢ ሲሉት፣ የፍቅር ፊልሙ ዘዴ አልሠራ ሲል፣ ከኋላው የሚያስቀው ፊልም ዘዴ ይመጣለታል። ይሄንን ማንም አልነገረኝም፤ በካሜራ ውስጥ ሆኜ አይቼዋለሁ።

እማዬ ወጥ ቤት ሆና ትጣራለች። ነገ ሰርግ አለን፤ አዳራሹን አላውቀውም፣ መስኮት ይኑረው አይኑረውም አልጠየቅኩም። ሰዉ ወዴት እንደሚሄድ ለማየት ቀደም ብዬ እገባለሁ።